ከወንዝ የወጣው ባቡር

የልጅ ልጆቼ አደጋ ያለበት ፊልም ይወዳሉ። መርከብ ሲሰጥም፣ አውሮፕላን አፍንጫውን ደፍቶ ሲወርድ፣ ፎቅ በሰው ላይ ሲናድ እያዩ ፈንዲሻቸውን ይበላሉ። እኔም ከሶፋው ጥግ ተቀምጬ አብሬ አያለሁ። አልፈራም፤ አላለቅስምም። ሁሉም ካለቀ በኋላ ግን «እስቲ ወደ ኋላ መልሱት» እላቸዋለሁ። ትንሿ ልጅ ሪሞቱን ትጫናለች፤ መርከቡም ከባሕሩ ሽቅብ ይወጣል። እነሱ «እማማ ደግሞ ጀመሩ» ብለው ይሳሳቃሉ። ይሳቁ። ምክንያቱን ልነግራቸው ስጀምር ሌላ ፊልም ስለሚከፍቱ በጽሑፍ ማስቀመጡ ይሻላል ብያለሁ።

ጣሊያን አገሩን በያዘ ጊዜ የምንኖረው ሸዋሮቢት፣ ከሮቢ ወንዝ አጠገብ ነበር። የፊት ጥርሶቼ ወልቀው ገና ያልተተኩበት ዕድሜ ላይ ነበርኩ። ከጣርማ በር ቁልቁል የሚወርደው አዲሱ መንገድ በመንደራችን አጠገብ አልፎ ወደ አጣዬ ይሄዳል። በመንገዱ ዳር የወታደር ካምፕ ነበር። ካምፑ ከቤታችን ደጃፍ ይታያል፤ ከካምፑም ቤታችን ይታያል።

ታላቅ እህቴ ለማጀቴ ልጅ ታጭታ ነበር። ማጀቴ ከመንገዱ ገባ ያለ አገር ነው። ሰርጉ ዐቢይ ጾም ከመግባቱ በፊት፣ በቅበላው እሑድ እንዲሆን ተቆርጦ ነበር። አባቴ የዚህ ቀን ነገር ሲነሣ ዝም ብሎ መቀመጥ አይሆንለትም፤ ይነሣና የዳሱን ምሰሶ ይነቀንቃል።

«ቅበላ ካመለጠን ፋሲካ ነው» ይላል። «እስከ ፋሲካ ደግሞ ሩቅ ነው።»

ለምን እንደሚቸኩል አልተናገረም፤ የጠየቀውም የለም። እህቴ ውሃ መቅዳት ካቆመች ቆይታለች። ወደ ወንዙ የሚወስደው መንገድ የሚያልፈው በካምፑ በር ነበር።

እናቴ ደግሞ የምትቸኩለው ለጠላው ነበር። የእኛ አገር ሙቀት ጠላ አያቆይም። ጋኖቹን በእርጥብ ጨርቅ ጠቅልላ፣ ጠዋትና ማታ እንደ ሕመምተኛ ግንባራቸውን እየዳሰሰች ታስታምማቸው ነበር። ዳሱ ተጥሏል፤ ሰንጋው ከግራሩ ሥር ታስሮ ሣሩን ያመነዥካል። የቀረን ከበሮ መቺ ብቻ ነበር።

ከበሮ መቺስ ነበረን። አጥር የሚያዋስኑን ጎረቤታችን፣ መንደሩ ሁሉ እትዬ የሚላቸው ሴት፣ ከበሮ ሲመቱ አሮጊቶች እንኳ ከመደብ ይነሡ ነበር። ዘንድሮ ግን እናቴ ሄዳ በጠየቀቻቸው ቁጥር መልሳቸው አንድ ነው።

«እጄን አመመኝ።»

እጃቸው ምንም አልሆነም። አንድ ልጅ ነበራቸው፤ ጠላት በገባ በዓመቱ ጫካ ገባ። በክረምቱ፣ ከዳገቱ በኩል፣ መሞቱ ተሰማ። ሬሳው አልመጣም። ለቅሶ መቀመጥም አይቻልም ነበር፤ የአርበኛ እናት መሆኗ የታወቀ ሴት ቤቷን ያቃጥሉባታል። ስለዚህ እትዬ አላለቀሱም። ወሬውን በሰሙ በማግስቱ «ቅማል አስቸገረኝ» ብለው ፀጉራቸውን ተላጩና ገበያ ወጡ። ትልቅ ሰው የተባለ ሁሉ ነገሩን ያውቃል፤ ሁሉም የሚያወራው ግን ስለ ቅማሉ ነው። እንዲያውም አንዷ ጎረቤት የቅማል መድኃኒት ቀምማ አመጣችላቸው። አመስግነው ተቀበሏት።

ከሰርጉ በፊት በነበረው ረቡዕ የካምፑ አስተርጓሚ ወደ ቤታችን መጣ። ከመረብ ማዶ የመጣ ቀጭን ሰው ነው፤ በዚያ አቧራ ላይ ጫማውን ሲወለውል ይውላል።

«ዛሬ ፀሐይ ስትጠልቅ ሁሉም ሰው ወደ ካምፑ ይምጣ» አለ። «ሲኒማ ይታያል።»

«ምንድን ነው እሱ?» አለ አባቴ።

«ሥዕል ነው። ይንቀሳቀሳል።»

«እኛ ሰርግ አለብን።»

«ሰርጉ ዛሬ ነው?»

«እሑድ ነው።»

«እንግዲያው ዛሬ ሥራ የላችሁም» አለና ሄደ። እናቴ አብሲት ከምትጥልበት ቀና ብላ ከኋላው አየችው። ያ ሰው ሚስት እንደሌለው ያን ቀን አወቅን።

እህቴ ሙሽራ ስለሆነች ከቤት አትወጣም። ልንሄድ ስንል እጄን ያዘችኝ። «አንድ ሳታስቀሪ ታዪና ትነግሪኛለሽ። ብትረሺ አላናግርሽም» አለችኝ።

በካምፑ ደጅ ባሉት ሁለት ግራሮች መካከል ትልቅ ነጭ ጨርቅ ወጥረዋል። ወንዶቹ ፊት ለፊት ሄደው ተቀመጡ። ሴቶቹ ቆመው ቀሩ። ከዚያ አንዷ መራችና ሁላችንም ከጨርቁ ጀርባ ዞረን ተቀመጥን። አስተርጓሚው ሮጦ መጣ።

«እመቤቶቼ፣ በዚህ በኩል ሲታይ እኮ ግራው ቀኝ፣ ቀኙ ግራ ይሆናል!»

«ከወንድ ጋር ትከሻ ለትከሻ ተገፍትሮ ከማየት ይገልበጥ» አለችው የመራችን ሴት።

ማሽኑን የሚያንቀሳቅሰው ጣሊያን ቦርጫም ሰው ነበር፤ ላቡ በጆሮው ሥር ይወርዳል። ወታደር አይመስልም። እንደማትታዘዝ በቅሎ ማሽኑን ይለማመጠዋል፣ ይቆጣዋል፣ መልሶ ይለማመጠዋል። ሊያሳየን ያመጣው የወታደር ሰልፍ ነበር አሉ፤ ነገር ግን ፊልሙ በመኪናው ላይ በሙቀት ተበላሽቷል።

«ሰልፉ ቀልጧል» ሲል አስተርጓሚው አስታወቀ። «ስለዚህ ሌላ ታያላችሁ።»

ሌላው የባቡር ፊልም ነበር። ከመንደራችን ሰው ባቡር ያዩ አንድ ነጋዴ ብቻ ነበሩ። ከወንዙ ማዶ የሚኖሩ እስላም ናቸው፤ ጨርቅና ጨው ሲነግዱ ድሬዳዋ ደርሰው ተመልሰዋል። ስለዚህ ከወንዶቹ በኩል ሆነው፣ ከጨርቁ በላይ እየጮኹ ለሁላችን አስረዱን።

«ይኼ ባቡር ነው! የሚያጨሰው ፊተኛው ነው፤ ሌሎቹን እሱ ነው የሚጎትታቸው! አትፍሩ፣ ከሐዲዱ አይወጣም!»

በባቡሩ ውስጥ ሰዎች ተቀምጠዋል። አንዲት ሴት ሕፃን ታቅፋለች። አንድ ሽማግሌ ተኝቶ ራሱ በእሷ ትከሻ ላይ ይወድቃል፤ ትገፋዋለች፤ ተመልሶ ይወድቃል። ፊት ለፊቷ አንድ ወፍራም ሰው ጠቅልሎ የያዘውን ፈታና የተጠበሰ ዶሮ አወጣ። አወጣና መብላት ጀመረ።

በእኛ በኩል መንጫጫት ሆነ።

«ብቻውን ሊበላ ነው እንዴ?»

«እመጫት ፊቱ ተቀምጣ!»

«ሽማግሌውንስ ቀስቅሶ አንድ ጉርሻ ቢሰጠው ምናለ?»

«ኧረ እፍረት የለውም። አጥንቱን ሳይቀር!»

ከዚያ ዝናብ መጣ። ትልቅ ወንዝ፣ በላዩ ላይ ድልድይ። የድልድዩን እግር ውሃው ሲቦረቡረው እኛ እናያለን፤ ባቡር ነጂው አያይም። ወንዙን የምናውቅ ሰዎች ነን፤ ሮቢ ሲሞላ ከብት ጠርጎ እንደሚሄድ በዓይናችን ያየን ነን። መንደሩ በሙሉ ተነሥቶ ቆመ።

«አቁም! አንተ ሰውዬ፣ አቁመው!»

«ድልድዩ ሄዷል! ወደ ኋላ በል!»

አባቴም ሲጮህ ሰምቻለሁ፤ ድምፁን ለየሁት። ባቡር ነጂው ማንንም አልሰማም። ድልድዩ ከመሐሉ ተሰበረ፤ ባቡሩ ተራ በተራ እየተጎተተ ውሃው ውስጥ ገባ። አንድ ባርኔጣ ብቻ ተንሳፍፎ ቀረ።

«ኢና ሊላሂ ወኢና ኢለይሂ ራጂዑን» አሉ ነጋዴው፣ አሁን ቀስ ብለው።

ከዚያ ጸጥ አለ። የሚሰማው የሞተሩ ድምፅ ብቻ ነው። በዚያ ጸጥታ መሐል እትዬ ጮኹ።

«ወየው! ወየው ልጄን!»

እናቴ አጠገባቸው ነበረች። ወዲያው ተነሥታ ከእሳቸው በላይ ጮኸች። «ወየው ያን ሕፃን! ወየው ያችን እመጫት!» እያለች በጨርቁ ላይ እጇን ትዘረጋለች። ሌሎቹም ሴቶች ገባቸው። ሁሉም ስለ ሕፃኑ፣ ስለ እመጫቷ፣ ስለ ሽማግሌው ደረቱን ይደቃ ጀመር፤ ስለ ወፍራሙ ሰው እንኳ ያለቀሰች ነበረች። ወንዶቹ ጋቢያቸውን አዘቀዘቁ። ጣሊያኑ ደንግጦ ማሽኑን አጠፋው፤ ወታደሮች ከየድንኳናቸው ወጡ።

«ምን ሆናችኋል?» አለ አስተርጓሚው።

«ሰው ሞቶ ዝም እንድንል ነው?» አሉ የመንደሩ ሽማግሌ።

እቤት ስደርስ ለእህቴ ሁሉንም ነገርኳት። ዶሮውን ሁለቴ አስደገመችኝ። ባቡሩ እንደገባ ስነግራት ግን ሌላ አልጠየቀችም።

«ታዲያ ከበሮው?» አለች።

በማግስቱ ጠዋት የመንደሩ ሴቶች ነጠላቸውን አዘቅዝቀው እትዬ ግቢ ገቡ። ማን እንደጠራቸው አላውቅም። ቀድሞ የጮኸ ቤት የለቅሶ ቤት ነው ተብሎ ይሆናል። ንፍሮ መጣ፣ ሰሌን ተነጠፈ፣ አልቃሿም መጣች። ስለ ወንዝ፣ ሬሳው ስላልመጣ ልጅ፣ ሳታየው ስለቀረች እናት ግጥም ታወጣለች። በየመሐሉ «ባቡር» የሚለውን ቃል ጮክ ብላ ታስገባለች፤ ለካምፑ እንዲሰማ ነው። እትዬ በመሐል ተቀምጠው አለቀሱ። ከክረምት ጀምሮ የቆየውን አለቀሱ። ማንም አላባበላቸውም።

እኩለ ቀን ላይ አስተርጓሚው ከአጥሩ ብቅ አለ።

«ይኼ ደግሞ የምን ለቅሶ ነው?»

«የባቡሩ ሰዎች» አለችው እናቴ። «የእናንተ ሰዎች።»

ወደ ካምፑ ሄዶ ተመለሰ። ፊቱ በራ ብሏል።

«አለቃው በጣም ደስ ብሎታል» አለ። «የዚህ መንደር ሰው ለጣሊያን አለቀሰ ብሎ ወደ በላዮቹ ያስታውቃል። ይኼን ደግሞ ልኳል» ብሎ አንድ ከረጢት ስኳር ሰጠን። ለቅሶተኛው ሻዩን በዚያ ስኳር ጠጣ። ጣሊያን ካምፕ ፊት ለፊት፣ በጣሊያን ስኳር፣ ለአንድ አርበኛ ለቅሶ ተቀመጥን። ይህን የተረዳሁት ካደግሁ በኋላ ነው። ያን ጊዜ ልብ ያልኩት ስኳሩን ብቻ ነበር።

ለቅሶው መልካም ነበር፤ ሰርጉ ግን ተሰናከለ። የረቡዕ ማታው ጩኸት ወሬ በሌሊት ማጀቴ ደረሰና ሐሙስ ሲመሽ ከሙሽራው ወገን ሚዜው በፈረስ ጋልቦ መጣ። ከፈረሱም አልወረደም።

«ሽማግሌዎቻችን እንዲህ ይላሉ፤ ሐዘን ካለበት መንደር ሙሽራ አናወጣም፤ ገድ አይሆነንም። እሑድ ጠዋት መጥተን ከወንዙ ማዶ እንቆማለን። ከበሮ ከሰማን እንሻገራለን። ካልሰማን ከፋሲካ በኋላ ያገናኘን።»

አባቴ ጠላውን አየ፣ ሰንጋውን አየ። ከዚያ ወደ ካምፑ አየና ዳሱ ውስጥ ገብቶ ተቀመጠ። ሽማግሌዎቹም ተሰበሰቡ።

«ሥዕል እኮ ነው!» አሉ ነጋዴው። «ወላሂ ሥዕል ነው። ድሬዳዋ ነግረውኛል፤ የሞተ ሰው የለበትም።»

የመንደሩ ሽማግሌ አንድ ዓይናቸው አያይም፤ በአንዱ ግን ሁሉንም አይተዋል። «በቤተ ክርስቲያን ያለው ስቅለትም ሥዕል ነው» አሉ። «ስናየው ግን እናለቅሳለን። ተሳስተን ነው?»

ነጋዴው የሰው ሃይማኖት ውስጥ መግባት አልፈለጉም።

«ደግሞ ባይሞቱስ?» አሉ ሽማግሌው። «መንደሩ አልቅሷል። ያለቀሰ መንደር ከበሮ የሚመታው ሐዘንተኛው ሲፈቅድለት ነው።»

ሐዘንተኛዋ ማን እንደሆነች በዳሱ ውስጥ የማያውቅ አልነበረም። ነገር ግን እሷን መጠየቅ ለቅሶው የማን እንደነበር በአደባባይ መናገር ነው፤ ያንን ደግሞ ማንም አፉን ሞልቶ አይለውም። ሁሉም መሬት መሬት ሲያይ እናቴ ከጋኖቿ መሐል ተናገረች።

«የባቡሩን ሬሳ ያመጣው ማነው? እሱን ጠይቁታ።»

«አንቺ ሴትዮ» አለ አባቴ፣ «ጣሊያኑን ሄጄ፣ ከበሮ ፍቀድልኝ ልበለው?»

«ባዶ እጅህን አትሂድ። ንፍሮ ቀቅዬልሃለሁ።»

ዓርብ ጠዋት አባቴ፣ ሽማግሌውና ነጋዴው ወደ ካምፑ ሄዱ። የማሽላውን ንፍሮ በሰፌድ የተሸከምኩት እኔ ነበርኩ፤ ለሐዘን ቤት ወንድ ንፍሮ አይሸከምም። ጣሊያኑ በካናቴራ ሆኖ ማሽኑን ይወለውል ነበር። ሰዎቹ ገብተው፣ አንገታቸውን ደፍተው፣ እንደ ወጉ ዝም ብለው ጥቂት ተቀመጡ። ከዚያ ሽማግሌው፣ «እግዜር ያጥናህ፣ ልጄ» አሉት።

አስተርጓሚው ተረጎመ። ጣሊያኑ ፊቱ ነጭ ሆነ፤ የያዘው ጨርቅ ወደቀ። ምን እንዳለ ያኔ አልገባኝም፤ አስተርጓሚው ቶሎ ብሎ ሲመልስለት ግን ሰማሁ።

«ምን አለ?» አለ አባቴ።

«ከአገሬ ደብዳቤ መጣ ወይ፣ እናቴ ሞተች ወይ አለ። አይደለም፣ የፊልሙ ሰዎች ናቸው አልኩት።»

ጣሊያኑ መሳቅ ጀመረ። ብዙ ሳቀ። ሌላ የሚስቅ እንደሌለ ሲያይ ሳቁን ገታ። ሰፌዱን አየ፤ ምን እንደሆነ ጠየቀ፤ ነገሩት። ከዚያ ተቀመጠና ንፍሮውን በእጁ በላ።

«ሰዎቹ አልሞቱም ይላል» አለ አስተርጓሚው። «ሥራቸው ነው፤ እንደ ሞቱ ሆነው ይታያሉ፤ ከዚያ ልብሳቸውን ለውጠው ወደ ቤታቸው ይሄዳሉ። ያ ወፍራሙ ሰው ይኼኔ የሆነ ቦታ እየበላ ይሆናል ይላል።»

«ብቻውን?» አሉ ሽማግሌው።

ይህ ሲተረጎምለት ጣሊያኑ እንደገና ሳቀ፤ አሁን አባቴም ፈገግ አለ። ሽማግሌው ግን ወደ መጡበት ጉዳይ ተመለሱ።

«ልጄ፣ መልካም ነው። አንተ እንደምትዋሸን አላስብም። ነገር ግን ይህ መንደር ውሃው ውስጥ ሲገቡ አይቷል። ሲወጡ አላየም። ለመንደሩ ምን ብዬ ልንገረው?»

ጣሊያኑ አሰበ። ማሽኑን አየ። ከዚያ ጣቱን በአየር ላይ ማዞር ጀመረ፤ አንድ ጊዜ በቀኝ፣ ቆም አለና በግራ። በራሱ ነገር ተደስቶ ጭኑን መታ።

«ዛሬ ሲመሽ ኑ ይላል» አለ አስተርጓሚው። «ሲወጡ ታያላችሁ።»

ከሰዓት በኋላ እናቴ አጥሩን ተሻግራ ወደ እትዬ ስትገባ ተከተልኳት። የለቅሶው ሰሌን እየታጠፈ ነበር። ስለ ሰርጉ አላነሣችም።

«ዛሬም ሲኒማ አለ» አለቻቸው። «ከአጠገቤ ተቀመጡ፤ አንቱ ከሌሉ ይደብረኛል።»

«እሺ» አሉ እትዬ።

ሲመሽ ከመንደሩ የቀረ አልነበረም፤ እህቴም አልቀረችም። እናቴ በትልቅ ጋቢ ጠቅልላት፣ እንደ አሮጊት ጎንበስ ብላ እንድትሄድ አድርጋ በመሐላችን አስቀመጠቻት። ከጨርቁ ጀርባ፣ እንደ በፊቱ።

መጀመሪያ የታየው ውሃው ነው፤ በላዩም ባርኔጣው። ባርኔጣው ተነሥቶ በረረ። ከዚያ የመጨረሻው ፉርጎ በቂጡ በኩል ከወንዙ ብቅ አለ፤ ሌላውን አስከተለ፤ ተራ በተራ፣ ውሃው ከላያቸው እየተራገፈ፣ ሽቅብ ወጡ። የተሰበረው ድልድይ እንጨቱን ከውሃው እየለቀመ ተጋጠመ። ፊተኛው ጭሱን መልሶ በጭስ ማውጫው እየዋጠ ወደ ኋላ ሄደ። ውስጡ ያሉት ሰዎች ሁሉም ነበሩ። ሽማግሌው ከሴትዮዋ ትከሻ ላይ ራሱን ያነሣል። ሕፃኑ አለ። ወፍራሙ ሰው ደግሞ ከአፉ ሥጋ እያወጣ በአጥንቱ ላይ ይለጥፋል፤ ዶሮው እየሞላ፣ እየሞላ ሄዶ ደህና ዶሮ ሆነ፤ እሱም ጠቅልሎ አስቀመጠው።

«እሰይ! መለሰ!» ብላ ጮኸች አንዷ። «ቀድሞም መብላት አልነበረበትም!»

ሳቁ ከወንዶቹም በኩል መጣ። እልልታው ቀለጠ። እህቴ ጋቢው ውስጥ ሆና ስትስቅ ትከሻዋ ሲንቀጠቀጥ ይሰማኛል።

«አልሐምዱሊላህ!» ይላሉ ነጋዴው። «አላልኳችሁም? ይኼን ሁሉ ድሬዳዋ ነግረውኛል!»

«አሁን ወጡ» አሉ ሽማግሌው። ከጨርቁ ማዶ ድምፃቸው ይሰማል። «ሁሉም ወጥተዋል። አይቻለሁ።»

እትዬ እልል አላሉም። ባቡሩ ጣቢያው ደርሶ እስኪቆም፣ ሰዎቹ ወደ ኋላ እየተራመዱ እስኪወርዱ ድረስ ዓይናቸውን ከጨርቁ አላነሡም።

«የእነሱ ተነሡ» አሉ።

ሰው ሁሉ እየተነሣ፣ እየተሳሳቀ፣ ልጆቹን እየጠራ ነው። እትዬ ነጠላቸውን አወለቁ፤ አራገፉት። ከረቡዕ ጀምሮ ተዘቅዝቆ የነበረውን ጥለት ገልብጠው፣ እንደ ደህና ቀን ለበሱት።

«ከበሮውን ነገ ፀሐይ ላይ አውጪው» አሏት እናቴን። «ቆዳው ላልቶ ይሆናል።»

«እጅዎስ?» አለች እናቴ።

«ተሽሎኛል።»

እሑድ ጠዋት የማጀቴ ሰዎች ከወንዙ ማዶ በበቅሎና በፈረስ ቆመው ነበር። እኔ ለወፍ መጠበቂያ ከተሠራው የማሽላ ማማ ላይ ወጥቼ አያቸዋለሁ። አባቴ በዳሱ በርና በአጥሩ መሐል ይመላለሳል። እትዬ ከበሮውን በአንገታቸው አጠለቁ፤ የተላጨ ራሳቸውን በነጭ ሻሽ አስረዋል። ቆዳውን በጣታቸው ቆረቆሩና ጆሯቸውን አቀረቡ። ከዚያ መቱት።

ከማማው ላይ ሆኜ በቅሎዎቹ ውሃው ውስጥ ሲገቡ አየሁ። አባቴ መመላለሱን ትቶ አንዱን ምሰሶ ተደግፎ ቆመ።

ጠላው አልኮመጠጠም፤ እናቴ ይህን እስክትሞት ድረስ ስታነሣው ኖራለች። ሲኒማ አሳዪው ጣሊያንም ከአስተርጓሚው ጋር መጣ። እናቴ የእንግዳ ነው ብላ ለብቻው ገበታ ብታቀርብለት ገበታውን አነሣና ከልጆቹ መሐል ገብቶ ተቀመጠ።

«ምን አለ?» አለች እናቴ።

«ብቻዬን ከበላሁ በመንደሩ ይወራብኛል ይላል።»

እህቴን በቅሎ ላይ ሲያወጧት አላለቀስኩም። ፊቷ ተሸፍኖ ነበር፤ በአጠገቤ ስታልፍ ግን እጇን ከካባው ሥር አውጥታ ጆሮዬን ቆነጠጠችኝ። ሲኒማውን በደንብ አላየሽልኝም፣ እኔው አየሁት ማለቷ እንደሆነ ገባኝ። ሚዜዎቹ እየዘፈኑ ወንዙን ተሻገሩ፤ በቅሎዋ በግራሮቹ መሐል ገብታ ጠፋች። ከዚያ በኋላ ያለው የማጀቴ መንገድ ከካምፑ አይታይም።

እትዬ በቅሎዋ ከዓይን እስክትጠፋ ድረስ መምታቱን አላቋረጡም። ጨፋሪው ደክሞ ተቀምጧል፤ ድምፃቸው የተዘጋ ሴቶች ጠላ ይጠጣሉ፤ እሳቸው ብቻ ከአጥሩ ጥግ ቆመው ወደ ማዶ እያዩ ይመታሉ። ግራሮቹ ባዶ ሲሆኑ ከበሮውን ከአንገታቸው አውጥተው ለእናቴ ሰጧት።

«እጄን አመመኝ» አሉ።

አጠገባቸው ነበርኩ። መዳፋቸውን አየሁት፤ እውነትም ቀልቶ አብጦ ነበር። እናቴ ቅቤ አምጥታ ቀባቻቸው።